ስለ አንድ መቶ አሥራ ስምንቱ ሴራሚኮቻችን

ለተከበሩ የቤት ብድር ክፍል ኃላፊ
ባሉበት

ጉዳዩ፦ ሸክማችንን ለማቅለል ላሳዩት ደግነት ምስጋና ስለማቅረብ

ክቡር ሆይ፣

ከሁሉ አስቀድሜ እርስዎና መላው ቤተሰብዎ እንዴት ሰንብታችኋል? የቢሮዎ ወንበርስ፣ ካዝናውስ፣ በመስኮቱ ጥግ ያየኋት አበባስ ደህና ናቸው? እንዲህ አጥብቄ መጠየቄ ከልቤ ነው፤ ገና አሥራ ሦስት ዓመት፣ እንደ እርስዎ ፈቃድ ከሆነም ሃያ ሦስት ዓመት አብረን የምንቆይ ሰዎች ስለሆንን ከጤናዎ የሚበልጥብን ነገር የለም። እኛ ደህና ነን። አማቴ ኮሪደር ላይ ይተኛሉ፣ ልጄም መጸዳጃ ቤት ውስጥ ታጠናለች፤ ምክንያቱን በየተራው አስረዳለሁ። ከዚህ በቀር ቤታችን ሰላም ነው።

ምናልባት ቢያስታውሱኝ፣ ባለፈው ወር ጉልበቱ ላይ የተጣፈ ሱሪ ለብሼ ጠረጴዛዎ ፊት የቆምኩት ሴራሚክ አንጣፊ ነኝ። የመጣሁት ስለ ብድሬ ልጠይቅ ነበር። እርስዎ ግን ሙያዬን እንደሰሙ ፊትዎ በራና ወንበር ሰጡኝ፤ በሰባት ዓመት ውስጥ በባንካችሁ የተቀመጥኩት ያን ቀን ብቻ ነው። ከዚያም የአዲሱን ባለ ሦስት ፎቅ ቤትዎን ፎቶ በስልክዎ እያሳዩኝ፣ ሴራሚኩ ተገዝቶ እንደተከመረና የጎደለው የአንጣፊ እጅ ብቻ እንደሆነ ነገሩኝ፤ የእጅ ዋጋውንም «ቀስ እያልኩ ብከፍልህስ» ሲሉ በትሕትና ጠየቁኝ። ላስብበት ብዬ ወጣሁ። አስቤበታለሁ፣ መልሴን ከደብዳቤው ግርጌ ያገኙታል።

በግልጽ መጻፌ እርስዎን ለማሳጣት አለመሆኑን አስቀድሜ ላረጋግጥልዎ እወዳለሁ። በግል የጻፍኳቸው ሦስት ደብዳቤዎች «ደርሷል» የሚል ውብ ሰማያዊ ማኅተም ከተመታባቸው በኋላ ቅጂያቸው ተመልሶልኛል፤ ማኅተሙን አማቴ በጣም ወደውታል። ደግሞም «ሸክምዎን እናቅልልዎ» የሚለው ወረቀታችሁ የደረሰው ለእኔ ብቻ ሳይሆን ለሰፈሩ ሁሉ ነው። እስከ ወሩ መጨረሻ ተፈርሞ ይመለስ ስለሚል፣ ጎረቤቶቼ ብዕር ከማንሳታቸው በፊት የእኛን ሂሳብ ቢያዩ ብዬ ነው።

እኔ የተማርኩት እስከ ስምንተኛ ክፍል ስለሆነና የባንክ ቁጥር ራሴን ስለሚያዞረኝ፣ በማውቀው መለኪያ ብናገር አይቀየሙኝም። የቤታችን ወለል አንድ ሺህ ሁለት መቶ ሴራሚክ ነው፤ ሠላሳ በሠላሳ፣ አንድ ሳይቀር በእጄ ያነጠፍኩት። መጸዳጃ ቤቱ አምሳ፣ ኮሪደሩ ስልሳ ስምንት፣ ማዕድ ቤቱ አንድ መቶ አሥር፣ ሳሎኑ አንድ መቶ ዘጠና ሁለት፣ የቀረው መኝታ ቤቶቹና በረንዳው ነው። ከእናንተ የተበደርነውን ገንዘብ በአንድ ሺህ ሁለት መቶ አካፈልኩትና አንዷን ድርሻ «አንድ ሴራሚክ» አልኳት። በዚህ ልክ በየወሩ የምንከፍላችሁ ወደ አሥራ ስድስት ሴራሚክ የሚጠጋ፣ ሲጣራ አሥራ አምስት ከስምንት አሥረኛ ነው፣ ለሃያ ዓመት። ይህን ይዘን ወደ ምስጋናዎቼ እንለፍ።

1ኛ. በመጀመሪያ የማመሰግንዎ ስለ ሰባት ዓመት ደስታ ነው።

በእኛ ሙያ ሥራ የሚከፈለው በካሬ ነው፤ የወለሉን ሲሶ ያነጠፈ የዋጋውን ሲሶ ይቀበላል፣ አሠሪውም ሲሶውን ከከፈለ ሲሶው ወለል የእሱ ነው፣ ነገሩ እዚያው ላይ ያልቃል። እኔም ብድር እንደዚያ መስሎኝ አንድ ሺህ ሁለት መቶውን ለሁለት መቶ አርባ ወር አካፍዬ ለወር አምስት አምስት ሴራሚክ አወጣሁ። ከዚያ ወዲህ ከፍዬ በተመለስኩ ቁጥር ልጄን እርሳስ አስይዤ እንንበረከክና በአምስት ሴራሚክ ጥግ ላይ ትንሽ ምልክት እናደርጋለን። የጀመርነው ከመጸዳጃ ቤቱ ነው። ልጄ መቁጠር የተማረችው በዚህ ነው። አማቴም ምልክት ያለባቸውን «የኛዎቹ» እያሉ ለብቻ በተመደበ ጨርቅ ይወለውሏቸው ነበር፤ ምልክት የሌለባቸውን በመጥረጊያ አለፍ አለፍ ነው።

በሰማንያ አራተኛው ወር አራት መቶ ሃያኛዋ፣ ማለትም የሳሎኑ የመጨረሻ ሴራሚክ ምልክቷን አገኘች። ለስላሳ ገዝተን ጠጣን፣ ሳሎን የራሳችን ሆነ ብለንም ተሳሳምን። በማግስቱ የቤቱን ፕላን ጠቅልዬ ወደ ባንካችሁ መጣሁና፣ ሳሎኑ፣ ማዕድ ቤቱ፣ ኮሪደሩና መጸዳጃ ቤቱ ተከፍለው ያለቁ መሆናቸውን የሚገልጽ አጭር ማረጋገጫ እንዲጻፍልኝ በመስኮት ጠየቅሁ። ገንዘብ ያዧ ፕላኑን መጀመሪያ ቀና አድርጋ፣ ቀጥሎ ዘቅዝቃ አየችው። ከኋላዬ ያሉት ተራ ጠባቂዎችም አንገታቸውን አስግገው አብረው አዩ። ከዚያ የሂሳብ መግለጫ አትማ ሰጠችኝ።

መግለጫው እንዳለው በሰባት ዓመት ውስጥ የእኛ የሆነው አንድ መቶ አሥራ ስምንት ሴራሚክ ነው። መጸዳጃ ቤቱና ኮሪደሩ። የከፈልነው ደግሞ አንድ ሺህ ሦስት መቶ ሃያ ሰባት፣ ማለትም ቤቱን በሙሉ ከነጭማሪው ነው። የቀረው የት ሄደ ብዬ ብጠይቃት «ወለድ ነው» አለችኝ። ይህ ወለድ የሚባለው ሰውዬ ከመኝታ ቤቶቻችን በየትኛው እንደሚተኛ ግን ልትነግረኝ አልቻለችም።

2ኛ. ሁለተኛው ምስጋናዬ ብድሩን ላስፈረመን ወጣት ሠራተኛችሁ ይድረስልኝ። ስሙን ስለማናውቅ ቤት ውስጥ «አይዞአችሁ» እንለዋለን፤ ለጠየቅነው ሁሉ የሰጠን መልስ ይኸው ብቻ ነበር። ባለቤቴ የትምህርት ቤት ንብረት ክፍል ሠራተኛ ናት፣ ሳትቆጥር መጥረጊያ እንኳ አትረከብም። ውሉን ስታገላብጥ ከገጽ አሥራ ዘጠኝ ጀምሮ እስከ ሠላሳ ሁለት የሚዘልቅ ሰንጠረዥ አየችና ምንድነው አለችው። እሱም «አይዞአችሁ፣ ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል» ብሎ ገጹን ወደ ኋላ መለሰና የሚፈረምበትን ገጽ አሥራ ስምንትን አሳያት። እንቁላሉ መሄዱን እኔም እመሰክራለሁ፤ ቀጥ ብሎ ወደ እናንተ ነው የሄደው።

ያንን ሰንጠረዥ ከሰባት ዓመት በኋላ አነበብነው። የመጀመሪያው መስመር እንደሚለው፣ በመጀመሪያው ወር ከከፈልናት አሥራ አምስት ከስምንት አሥረኛ ሴራሚክ ውስጥ አሥራ አምስቷ የወለድ ናት። ለእኛ የቀረችው ጥጓ የተሰበረች አንዲት ሴራሚክ ናት፤ እኔ ለደንበኛ ባነጥፋት መልሰህ ንቀላት የምባልባት ዓይነት። ጉድና ጅራት ከወደ ኋላ ነው እንዲሉ፣ የሃያው ዓመት ድምር የተቀመጠው ሠላሳ ሁለተኛው ገጽ ግርጌ ነው፦ ሦስት ሺህ ሰባት መቶ ዘጠና ሁለት። ሦስት ሙሉ ቤትና አንድ ሳሎን። ይህን ለሥራ ባልደረባዬ፣ በሰው ወለል ሁሉ ላይ ጉብታ ስለሚያገኝ «ውሃ ልክ» ለምንለው ሰው ብነግረው፣ ከመዶሻው ቀና ሳይል «ሁለቱን የት አስቀመጥካቸው» አለኝ።

ክቡር ሆይ፣ እዚህ ላይ ቀልዱን ለአፍታ ልተወው። ማንም አልዋሸንም። ሁሉም ተጽፎ ነበር፣ ያላነበብነው እኛ ነን፤ በደንበኛ ቤት አንዲት ሴራሚክ በአንድ ጣት ስፋት ብትዛነፍ አይቼ የማላልፍ ሰው፣ በራሴ ቤት ሁለት ቤት የሚያህል ነገር ሳላይ አለፍኩ። አፍሬያለሁ።

3ኛ. ሦስተኛው የአማቴ ጉዳይ ነው። የባለቤቴ እናት ሰባ አንድ ዓመታቸው ነው። ቅድሚያውን ክፍያ የሰጡን እሳቸው ናቸው፤ ከሟቹ ባለቤታቸው የቀረችላቸውን አንዲት ሱቅ ሸጠው ገንዘቡን በመሐረብ ቋጥረው ሲያስረክቡን አንድ ነገር ብቻ ነው የጠየቁን፦ «ካርታውን በእጄ ይዤ ልየው»። ከዚያ ወዲህ ቤት በገባሁ ቁጥር ዓይኔን የሚያዩት የካርታውን ወሬ ለመስማት እንደሆነ አውቃለሁ፣ እሳቸውም እንደማውቅ ያውቃሉ።

ያላግባብ ያደረግናቸውን ሦስት መቶ ሁለት ምልክቶች በላጲስ ስናጠፋ አጠገባችን ተቀምጠው አዩን። ስንጨርስ የሚተኙበት ክፍል የማን እንደሆነ ጠየቁኝ። ዋሽቼ አላውቅምና የባንኩ ነው አልኳቸው። «እንግዲያስ የሰው ቤት አላስቸግርም» ብለው ፍራሻቸውን ጠቀለሉና ኮሪደር ላይ ዘረጉት። ይኸው ሦስተኛ ሳምንታችን ነው፤ ጠዋት ጠዋት ሁላችንም «ይቅርታ እማማ» እያልን ግድግዳ ታከን እናልፋለን። ልጄም አያቷ ያሉትን የምትሰማ ናትና፣ ደብተሯን ይዛ የተገለበጠ ባልዲ ላይ መጸዳጃ ቤት ውስጥ ታጠናለች። ባለፈው እሑድ የመጣ እንግዳችን ሻዩን የጠጣው ኮሪደር ላይ ቆሞ ነው። ሳሎን ግባ ብንለው አማቴ «ባለቤቱን አስፈቅዳችኋል?» ብለው አሳፈሩን።

ከዚህ የተነሣ ትንሽ ጥያቄ አለኝ። ከአማቴ አልጋ በላይ ያለው ጣሪያ ያፈሳል። ክፍሉ የእናንተ ስለሆነ፣ ሁለት ቆርቆሮና መሰላል የሚወጣ ሰው ቢልኩልን ውለታዎን አንረሳም። እግረ መንገዱንም ከአንድ ሺህ ሁለት መቶው ሴራሚክ አንድ ሺህ ሰማንያ ሁለቱ የባንካችሁ ናቸውና፣ ከዐሥር ጊዜ መጥረግ ዘጠኙን የሚጠርግ ሰው ይመደብልን። አሥረኛውን አማቴ እንደ ልማዳቸው በጨርቅ ይወለውሉታል።

4ኛ. የመጨረሻው፣ በዚህ ወር የደረሰን ነው፤ «ሸክምዎን እናቅልልዎ» የሚለው ወረቀት። የቀረንን አሥራ ሦስት ዓመት ወደ ሃያ ሦስት እንድናራዝመውና በዚህም ወርሃዊ ክፍያችን ወደ አሥራ አራት ሴራሚክ ዝቅ እንዲል ፈቅደውልናል። ወረቀቱ ላይ የሚስቁ ባልና ሚስት ፎቶ አለበት። ልዋሽዎት አልፈልግም፣ ፎቶውን ወድጄው ነበር። ዘንድሮ ሥራ ቀዝቅዟል፣ ጉልበቴም እንደ ድሮው ቶሎ አይታጠፍም፣ ሲታጠፍም ቶሎ አይዘረጋም። በወር ሁለት የማትሞላ ሴራሚክ መቅለል ለእንደ እኔ ያለ ሰው ቀላል አይደለም። ብዕሩን ይዤ ነበር።

ብዕሩን ከእጄ የወሰደችው ባለቤቴ ናት። የንብረት መዝገቧን አወጣች፣ መነጽሯን አጠለቀች፣ ከዚያም ቆጠራ ሲኖርባት እንደምታደርገው ማንም እንዳያናግራት አዘዘች። ድምሩን ስታገኝ ሁለት ጊዜ መልሳ ደመረችው። የወረቀታችሁ ቅለት የሚያስጨምረን አንድ ሺህ ሦስት መቶ ዘጠና ሦስት ሴራሚክ ነው፦ አንድ ሙሉ ቤት፣ አንድ ሳሎንና አንዲት የተረፈች ሴራሚክ። ከበፊቱ ጋር ሲደመር ለአንዲት ቤት የአራት ቤት፣ የሁለት ሳሎንና የዚያችን የአንዲት ሴራሚክ ዋጋ እንከፍላለን ማለት ነው። አልሸሹም ዞር አሉ ይሏል ይህ ነው። ሳሎን ግን ከእናንተ ጋር በዋልን ቁጥር ይበዛልናል፣ መቀመጥ ነው ያልቻልነው።

አማቴ ከኮሪደሩ ሆነው «በሃያ ሦስት ዓመት እኔ ስንት ይሆነኛል» ብለው ጠየቁ። ዘጠና አራት አልናቸው። እሳቸውም «ካርታው በትልልቅ ፊደል ይጻፍ በሏቸው» አሉ። ባለቤቴ ከት ብላ ሳቀች፤ ሳቋ ሳያልቅ አለቀሰች። እኔም አላስቻለኝም። ክቡር ሆይ፣ ወረቀታችሁን የማልፈርመው ለዚህ ነው፣ ሌላው ሁሉ ሂሳብ ነው።

ሂሳቡንም ባለቤቴ ቀጠለችው። ሁለት ሴራሚክ ከመቀነስ ሁለት ብንጨምርስ ብላ አሰበች፤ በየወሩ ሁለት ብቻ፣ ከወለዱ ሳይሆን ከዋናው ብድር የምትቀነስ። በዚህ መንገድ አሥራ ሦስቱ ዓመት ወደ ዘጠኝ ዓመት ከሰባት ወር ይወርዳል፣ ከመክፈል የሚተርፈንም አራት መቶ ሃያ ሴራሚክ ገደማ ነው። ቁጥሩን ልብ ብለውታል? ልጄና እኔ በሰባት ዓመት በእርሳስ ምልክት ያደረግንባቸው ያህል ነው። አማቴም ያኔ ሰማንያ ሲያልፋቸው ነው፣ መነጽራቸው ሳይቀየር ካርታውን ያነቡታል። ስለዚህ ከሚቀጥለው ወር ጀምሮ ተጨማሪዋ ክፍያ ከዋናው ብድር ላይ እንድትቀነስ በዚህ ደብዳቤ አመለክታለሁ። አይዞአችሁ የሚል መልስ አልቀበልም፤ ማኅተሙን ግን አማቴ ስለሚወዱት ይምቱልን።

የጎደለን እነዚያ ሁለት ሴራሚኮች ከየት ይመጣሉ የሚለው ነበር። እግዜር ይስጥልኝ፣ እርስዎ አሉ።

በሰፈሩት ቁና መሰፈር አይቀርም፤ እኔም ቤትዎን «ቀስ እያሉ» በሚከፈል ዋጋ ለማንጠፍ በደስታ ተስማምቻለሁ። የሦስቱ ፎቅ የእጅ ዋጋ በእኛ መለኪያ አንድ መቶ ሃያ ሁለት ሴራሚክ ነው። ወለዱ የራሳችሁ ባንክ ወለድ ነው፣ አንዲት ነጥብ አልጨመርኩም። በየወሩ ሁለት ሴራሚክ ለዘጠኝ ዓመት ከሰባት ወር ይከፍላሉ፤ ድምሩ ሁለት መቶ ሠላሳ ይሆናል፣ እርሱን አሁን አያስቡት። እኔ ቤቴን በእጄ አንጥፌው የእናንተ እንደሆነ ሁሉ፣ እርስዎም በገንዘብዎ የገዙት ሴራሚክ የመጨረሻዋ ክፍያ እስክትገባ ድረስ የእኔ ይሆናል። ሳይከፍሉ ሦስት ወር ካሳለፉ መሮና መዶሻዬን ይዤ እመጣለሁ፣ የምጀምረውም ከእንግዳ መቀበያው ነው። በመጀመሪያው ወር ክፍያዎ የእርስዎ የምትሆነው ግማሽ እንኳ የማትሞላ ሴራሚክ ናት፤ በር ሥር ትሁንልዎ፣ ከሥራ ሲመለሱ በአንድ እግር ይቆሙባታል። ክፍያውን ለእኔ ማምጣት አያስፈልግዎትም፤ እዚያው በመስኮቱ አስገብተው ከእኔ ዋና ብድር ላይ ይቀንሱልኝ። ከከበደዎት ደግሞ ዐሥር ዓመት አራዝሜ ሸክምዎን አቀልልዎታለሁ።

ውሉ ተያይዟል። ሠላሳ ሁለት ገጽ ነው፣ የሚፈርሙት ገጽ አሥራ ስምንት ላይ ነው። አይዞዎት።

ይህን ሁሉ በትዕግሥት ስላነበቡልኝ ጉልበቴ እስከሚታጠፍልኝ ድረስ ዝቅ ብዬ፣ ለእርስዎ ረጅም ዕድሜ፣ ለካዝናዎ ጥጋብ፣ ለአበባዎም ውሃ እየተመኘሁ፣

የመጸዳጃ ቤቱና የኮሪደሩ ሙሉ ባለቤት፣ የሳሎኑና የማዕድ ቤቱ ተስፈኛ፣ በቀሪዎቹ ክፍሎች የባንካችሁ ተጧሪ፣
ታዛዥዎ ሴራሚክ አንጣፊ

ግልባጭ፦
– ለአይዞአችሁ
– «ሸክምዎን እናቅልልዎ» ለደረሰው ጎረቤት ሁሉ

ማስታወሻ፦ የእርስዎን ውል ለቤተሰቡ ሳነብ አማቴ አንድ አንቀጽ አስደግመውኛል፤ የቤትዎ ሴራሚክ እስከ መጨረሻዋ ክፍያ የእኛ ነው የሚለውን። በራሳቸው ቤት ካልሆነ ላይተኙ እንደወሰኑ ያውቃሉ፣ ኮሪደሩም ብርድ አለው። ፍራሻቸውን ጠቅልለው በር ላይ ተቀምጠዋል። ከሦስቱ ፎቅ የጠዋት ፀሐይ የሚገባው የትኛው መኝታ ቤት እንደሆነ በፍጥነት ቢጽፉልን፤ ደረጃ ስለማይወጡ ምድር ቤት ያለው ቢሆን ይመርጣሉ።